ከተዋናይነት ወደ ፊልም ድርሰት፦ የኃይሌ ገሪማ ጉዞ ከፎገራ ሜዳ ሲታይ

ኃይሌ ገሪማ ይበልጥ የሚታወቀው በፊልም አዘጋጅነቱ ነው። ይሁን እንጂ ዋና ዋና ፊልሞቹን የደረሰው ራሱ ሲሆን፣ ከዚያ በፊት ደግሞ ተዋናይ ነበር። ይህ አጭር ጽሑፍ ከትወና ወደ ድርሰት ያሻገረው ምን እንደ ሆነና ሽግግሩ በፊልሞቹ ውስጥ ለገበሬው ምን ዓይነት ስፍራ እንዳስገኘለት ይመረምራል።

ኃይሌ የተወለደው በ1946 እ.ኤ.አ. በጎንደር ነው። አባቱ ገሪማ ታፈረ ተውኔት ጸሐፊ ነበሩ፤ ስለ ጎንደር አርበኞች የሚተርከውን «ጎንደሬ በጋሻው» የተሰኘ መጽሐፍም ደርሰዋል። ልጁ ትወናን የጀመረው በአባቱ ተውኔቶች ነው። በ1967 እ.ኤ.አ. ትወና ለመማር ወደ ቺካጎ፣ ጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት አመራ። በዚያ ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው ሚና ጠባብና ሌሎች የቀረጹት ሆኖ አገኘው። በ1970 ወደ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሎስ አንጀለስ ተዛውሮ ፊልም ማጥናት ጀመረ። እንግዲህ ሽግግሩ የሙያ ለውጥ ብቻ አልነበረም፤ ቃሉን ማን ይጽፋል ለሚለው ጥያቄ የተሰጠ መልስ ጭምር ነበር።

የመልሱ የመጀመሪያ ትልቅ ማሳያ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976) ነው። ፊልሙ በ1974 እ.ኤ.አ. የዘውዱ ሥርዓት ሊወድቅ በተቃረበበት ወቅት፣ በጥቁርና ነጭ፣ በአጭር ጊዜ ውስጥ በኢትዮጵያ ተቀረጸ። በባለርስት መሬት ላይ የሚኖሩትን ጭሰኞች የሚጫወቱት በአብዛኛው በሙያ ተዋናይ ያልሆኑ ሰዎች ናቸው። በታሪኩ ውስጥ ያለው ከበበ ጣሊያንን የተዋጋ፣ ኋላ ግን መሬቱን ያጣ አርበኛ ነው። አባት የአርበኞችን ተጋድሎ ሲዘግቡ፣ ልጅ አርበኛው ከድል በኋላ ምን ገጠመው ብሎ ጠየቀ። ሁለቱ ሥራዎች ተያይዘው ቢነበቡ ይህ ቅብብሎሽ ጎልቶ ይታያል።

«ጤዛ» (2008) ደግሞ ወደ እኛ ይበልጥ ይቀርባል። በጀርመን የተማረው አንበርብር እግሩን አጥቶ የሚመለሰው ጣና ዳር ወዳለች ሚንዘሮ ወደ ተባለች መንደር ነው። ፎገራም የዚሁ ሐይቅ ምሥራቃዊ ዳርቻ ነው። በፊልሙ ወጣቶች ከውትድርና አፈሳ ለማምለጥ ሲደበቁ እናያለን፤ «አፈሳ» የሚለው ቃል በወረታ ዙሪያ ያንን ዘመን ለኖረ ቤተሰብ ማብራሪያ አያሻውም።  ሊቁ ሁልጊዜ የበላይ ተናጋሪ አይደለም። ፊልሙ በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት አግኝቷል።

ከዚህ የሚከተለው ድምዳሜ አንድ ነው። ኃይሌ መድረክ ላይ የተማረው ቃል በአፍ ሲገባ እንዴት እንደሚከብድ ነው፤ ድርሰቱም ያንን ክብደት ለገበሬው ሰጠ። ርብና ጉማራ ሞልተው ማሳ ሲውጡ ያየ፣ የሩዝ እርሻ የፎገራን ኑሮ ሲለውጥ የታዘበ የትያትር ተማሪም ከዚህ የሚወስደው ትምህርት አለ፤ ስለ ገበሬው ከመጻፉ በፊት የገበሬውን አነጋገር ማድመጥ ይገባዋል።