የተከሰሰ ፖሊስና በከሳሹ እጅ ያለ ሰነድ

በአራዳና በፒያሳ አካባቢ በወንጀል የተጠረጠረን ሰው ይዞ ወደ ፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት አራዳ ምድብ ችሎት የሚያቀርበው ፖሊስ ነው። ተጠርጣሪው ክስ ሲመሠረትበት በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ንዑስ አንቀጽ 4 መሠረት የቀረበበትን ማስረጃ የመመልከትና ምስክሮቹን የመጠየቅ መብት አለው። አቅራቢው ፖሊስ ግን በሌላ ቀን እርሱ ራሱ በዲሲፕሊን ቢከሰስና ሥራውን ወይም ማዕረጉን የሚያሳጣ ውሳኔ ቢጠብቀው፣ ይኸው ድንጋጌ ለእርሱም ይሠራል ብሎ መከራከር ቀላል አይሆንለትም፤ አንቀጹ የተቀረጸው በወንጀል ለተከሰሱ ሰዎች ነውና።

ክፍተቱ በዚህ አያበቃም። የቀድሞው የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 «የመንግሥት ሠራተኛ» ለሚለው ቃል በሰጠው ትርጉም የፌዴራል ፖሊስ አባላትን አያካትትም ነበር፤ የፖሊስ ዲሲፕሊን በራሱ ደንብና መመሪያ ይመራል። ልዩነቱ ምክንያት አልባ አይደለም። መሣሪያ የታጠቀና በዕዝ የሚመራ ተቋም ፈጣን እርምጃ ያስፈልገዋል። ይሁን እንጂ ፈጥኖ መቅጣትና ማስረጃን ሳያሳዩ መቅጣት የተለያዩ ነገሮች ናቸው።

በፖሊስ ጣቢያ የሚነሣ የዲሲፕሊን ጭብጥ ብዙውን ጊዜ በሰነድ የሚፈታ ነው። በዚያ ሌሊት ተረኛው ማን ነበር? ትእዛዙ የደረሰው በስንት ሰዓት ነው? የተያዘው ሰው መቼ ተመዘገበ? መሣሪያውን ማን ፈርሞ ወሰደ? ምላሹ በተረኞች ዝርዝር፣ በዕለት መዝገብ፣ በመሣሪያ ግምጃ ቤት ፊርማና በአጣሪዎች ሪፖርት ውስጥ ይገኛል። እነዚህ ሁሉ በከሳሹ ተቋም እጅ ናቸው። ተቋሙ ለክሱ የሚጠቅመውን ገጽ መርጦ ቢያያይዝ፣ ተከሳሹን ነጻ የሚያወጣው ገጽ እዚያው መደርደሪያ ላይ ይቀራል። በቀድሞው የበላ ልበልሃ ሙግት፣ ሥርዓቱ ሌላ ጉድለት ቢኖረውም፣ ከሳሽና ተከሳሽ በአደባባይ ፊት ለፊት ይሟገቱ ነበር። የጽሑፍ ሪፖርት ግን ባለቤቱ በሌለበት ይነበባል።

መረጃ የማግኘት መብትን የደነገገው አዋጅ ቁጥር 590/2000 እዚህ ላይ እምብዛም አይረዳም። ተጠያቂው አካል መልስ ለመስጠት እስከ 30 ቀን አለው፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ የዲሲፕሊን ጉዳዩ ተወስኖ ሊያድር ይችላል። ከዚህም በላይ የሕግ ማስከበር ሥራን የሚያሰናክል መረጃ ከግዴታው ውጭ ሊሆን ይችላል።

የእንግሊዝ የጌቶች ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ1963 በሪጅና በባልድዊን ጉዳይ የብራይተን ከተማ ፖሊስ አዛዥ ክሱ ሳይነገረውና ሳይደመጥ መሰናበቱን ውድቅ አድርጓል። በኢትዮጵያ ደግሞ የደንብ ቁጥር 155/2000 አንቀጽ 37 የገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን ዋና ዳይሬክተር በሙስና የጠረጠረውንና እምነት ያጣበትን ሠራተኛ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥነ ሥርዓት ሳይከተል እንዲያሰናብት ፈቅዶ ነበር። ሥነ ሥርዓት ጨርሶ ሲቀር ጉድለቱ ለሁሉም ይታያል። ሥነ ሥርዓቱ በመልኩ ተጠብቆ ሰነዱ ብቻ ሲቀር ግን ይግባኝ ሰሚው አካል እንኳ የጎደለ ነገር መኖሩን የሚያውቅበት መንገድ የለውም።

ስለዚህ መፍትሔው መገኘት ያለበት በራሱ በፖሊስ የዲሲፕሊን ደንብ ውስጥ ነው። ከሳሹ ክፍል ከመስማቱ ቀን በፊት፣ ለክሱ የማይጠቀምባቸውን ጨምሮ፣ ጉዳዩን የሚመለከቱ ሰነዶችን ዝርዝር ለተከሳሹ መስጠት ይገባዋል። የጠቋሚን ደኅንነት ለመጠበቅ ስም መሸፈን ይቻላል። ሰነድ የተከለከለ እንደሆነም የክልከላው ምክንያት በጽሑፍ ሰፍሮ ከመዝገቡ ጋር ለይግባኝ ሰሚው ሊተላለፍ ይገባል።