አባ ዮሴፍ ደ ፕሬማርና የቻይንኛ ሰዋስው

ተጽፎ ያለቀ አንድ መጽሐፍ ማተሚያ ቤት እስኪገባ ድረስ 103 ዓመት መጠበቁ የሚያስገርም ነው። በዚህ ዕትማችን የምናቀርበው ይህ ዕጣ የደረሰበትን የቻይንኛ ሰዋስውና የደራሲውን፣ የኢየሱሳዊውን ካህን የአባ ዮሴፍ ደ ፕሬማርን ታሪክ ነው። የዘመን ቍጥሩ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

አባ ፕሬማር በ1666 ዓ.ም. በሰሜን ፈረንሳይ በሸርቡር ከተማ ተወለዱ። በ1683 ወደ ኢየሱሳውያን ማኅበር ገቡ፤ በ1698ም አምፊትሪት በተባለች መርከብ ከባልንጀሮቻቸው ጋር ተጕዘው ቻይና ደረሱ። ከዚያ በኋላ በጂያንግሺ ክፍለ ሀገር ሐዋርያዊ ሥራቸውን እየፈጸሙ የአገሩን ቋንቋና የጥንት መጻሕፍት በትጋት አጠኑ።

ከእርሳቸው በፊት፣ በ1703 በካንቶን የታተመው የዶመኒካኑ የአባ ፍራንሲስኮ ቫሮ ሰዋስው የላቲንን ሥርዓት የተከተለ ነበር። የቻይንኛ ቃል ግን በጾታ፣ በቍጥርና በጊዜ መልኩን አይለውጥም። እኛ «ሄደ፣ ሄደች፣ ሄዱ፣ ይሄዳሉ» እያልን ግሱን ስናረባ፣ ቻይናዊው አንዱን ቃል እንዳለ ይዞ፣ የቀረውን በቃላት ቅደም ተከተልና በትንንሽ ረዳት ቃላት ይገልጠዋል። የቻይና ሊቃውንት ራሳቸው ቃላትን «ሙሉ» እና «ባዶ» ብለው ይከፍሏቸው ነበር፤ አባ ፕሬማርም ይህንኑ አከፋፈል ተቀበሉ። ተማሪውን በሕግ ብዛት ከማስጨነቅ ይልቅ ከአገሩ መጻሕፍት የተለቀሙ ምሳሌዎችን በሺህ የሚቈጠሩ አድርገው አቀረቡለት። መጽሐፉንም በሁለት ከፈሉት፤ የመጀመሪያው ክፍል ከተውኔትና ከልብ ወለድ የተወሰደውን የሕዝቡን አነጋገር፣ ሁለተኛው የጥንቱን የሊቃውንት ጽሕፈት የሚያስተምር ነው። ግእዝንና አማርኛን ለይቶ ለሚያውቅ አንባቢያችን፣ ንጽጽሩ በሁሉ ባይገጥምም፣ ነገሩ እንግዳ አይሆንበትም።

ይህን ሁሉ የጻፉት በስደት ነው። በ1724 ንጉሠ ነገሥቱ ዮንግዠንግ የክርስትናን ሃይማኖት ስለ ከለከሉ፣ በቤጂንግ ቤተ መንግሥት ከሚያገለግሉት በቀር ልዑካኑ ወደ ካንቶን እንዲሰበሰቡ ተደረገ። አባ ፕሬማር ከምእመናኖቻቸው ተለይተው በዚያ ሳሉ ሥራቸውን በ1728 ፈጸሙና ወደ ፓሪስ፣ ወደ ኤቲየን ፉርሞን ላኩት።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ፉርሞን ቻይናን በዐይኑ ያላየ ምሁር ሲሆን፣ የራሱን የቻይንኛ ሰዋስው በማዘጋጀት ላይ ነበር። የካህኑ መጽሐፍ እንደሚመጣ ባወቀ ጊዜ የራሱን ጽሑፍ ቀድሞ ለንጉሡ ቤተ መጻሕፍት አስረከበ፤ የአባ ፕሬማርም እዚያው ተቀምጦ ተረሳ። ፉርሞን የራሱን በ1742 አሳተመ። ከብዙ ጊዜ በኋላ ግን አብዛኛው ከአባ ቫሮ የተወሰደ መሆኑ ታወቀበት።

ካህኑ በ1731 አንድ የቻይና ተውኔት፣ የዣኦን ቤት ወላጅ አልባ ልጅ ታሪክ፣ ወደ ፈረንሳይኛ ተርጕመው ልከው ነበር። የሚዘመሩትን ክፍሎች ትተው «ይዘምራል» ብለው ብቻ ስላለፏቸው ግማሽ ውበቱ ቀርቷል ለማለት እንደፍራለን። ይሁን እንጂ አባ ዱ ሃልድ በ1735 ካሳተሙት በኋላ ቮልቴር በ1755 የራሱን ተውኔት ከዚያ ቀድቶ አዘጋጀ።

አባ ፕሬማር ያልተሳካላቸውም ነገር አለ። በጥንታውያን የቻይና መጻሕፍት ውስጥ የክርስትና ምስጢራት ተሰውረው ይገኛሉ ብለው አጥብቀው ያምኑ ነበር፤ ብዙ ድካማቸውንም ለዚህ ሰጡ። የገዛ ማኅበራቸው አባቶች እንኳ ብዙዎቹ አልተቀበሏቸውም፣ ዛሬም የሚከተላቸው ሊቅ የለም። ሆኖም መጻሕፍቱን ደጋግመው እንዲመረምሩ ያደረጋቸው ይኸው እምነታቸው ይመስለናል፤ የሰዋስዋቸውም ምሳሌዎች ከዚያው ምርመራ ሳይመነጩ አልቀሩም።

በመጨረሻም ወደ ማካው ተወስደው በ1736 በዚያ ዐረፉ። መጽሐፋቸው ሲታተም አላዩም።

በ1814 በፓሪስ የቻይንኛ መምህርነት ወንበር ሲቋቋም የመጀመሪያው ባለ ወንበር የሆነው አቤል ሬሙዛ የተረሳውን ጽሑፍ ከቤተ መጻሕፍቱ አገኘው፤ በ1822 ላሳተመው የራሱ ሰዋስውም ብዙ ተጠቀመበት። ዋናው መጽሐፍ በ1831 በማላካ ታተመ፤ ያሳተመውም ፕሮቴስታንቶች የመሠረቱት ኮሌጅ ነበር። በ1847 ደግሞ ወደ እንግሊዝኛ ተተርጕሞ ወጣ፤ የታተመውም አባ ፕሬማር በስደት ሳሉ በጻፉበት በካንቶን ከተማ ነው።