ጠፍጣፋ ሥዕል እንዴት መንገድ ይሆናል? ስለ ኤፍ-ዜሮ የእሽቅድምድም ጨዋታዎች የቀረበ ጥናት

በተማሪዎች መካከል የቪዲዮ ጨዋታ ነገር ሲነሣ ሁለት ዐይነት አስተያየት ይሰማል። አንዳንዶቹ «ጊዜ የሚበላ፣ ፍሬ የሌለው ነገር ነው» ይላሉ፤ ሌሎቹ ደግሞ ሳይጠይቁና ሳይመረምሩ ይጫወቱታል። እኔ ግን ከሁለቱ የተለየ ሦስተኛ መንገድ እንዳለ አምናለሁ፤ ይኸውም ነገሩ እንዴት እንደ ተሠራ መርምሮ መረዳት ነው።

ለዚህ ጥናት ያነሣሣኝ የአንድ የክፍል ጓደኛዬ ጥያቄ ነው። «ተመሳሳይ ሦስት ማዕዘን ከፈተና ወረቀት ውጭ የት ይገኛል?» ሲል ጠየቀኝ፤ ቀጥሎም ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ሒሳብ የሌለበትን ትምህርት ለመምረጥ መቍረጡን ነገረኝ። የሕይወት መንገድ የሚመረጥበት ጥያቄ ስለ ሆነ በቀልድ ልመልስለት አልወደድሁም። እርሱ አዘውትሮ የሚጫወተው የመኪና እሽቅድምድም ስለ ሆነ መልሱን ከዚያው ከሚወደው ነገር ፈለግሁለት።

1ኛ/ ስለ ጨዋታው አመጣጥ

ኤፍ-ዜሮ የተባለውን ጨዋታ የሠራው ኒንቴንዶ የተባለው የጃፓን ኩባንያ ነው። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው። የመጀመሪያው ጨዋታ ሱፐር ፋሚኮም ከተባለው መሣሪያ ጋራ በኅዳር ወር 1990 በጃፓን አገር ለሽያጭ ቀረበ። ታሪኩ የሚፈጸመው በ2560 ዓመት ነው፤ መኪኖቹ ጎማ የላቸውም፤ ከመሬት ጥቂት ከፍ ብለው ይንሳፈፋሉ። ተጫዋቹ ከ4 መኪኖች አንዱን መርጦ በ3 ክፍል በተመደቡ 15 መንገዶች ላይ ይወዳደራል። ከነጂዎቹ መካከል እጅግ የታወቀው ካፕቴን ፋልከን ነው።

2ኛ/ ሥዕሉ እንዴት መንገድ ይሆናል?

ሱፐር ፋሚኮም በዛሬ ዐይን ሲታይ ደካማ መሣሪያ ነው። ስክሪኑ በአግድም 256፣ በቁመት 224 ነጥቦች ብቻ ነበሩት። እውነተኛ ተራራና እውነተኛ ሸለቆ ለመሥራት የሚያስችል ኃይል አልነበረውም። ነገር ግን ሞድ 7 የሚባል አንድ ልዩ ችሎታ ነበረው፤ ይኸውም አንድን ጠፍጣፋ ሥዕል ማዞር፣ ማሳነስና ማተለቅ ነው። እንግዲህ ከላይ እንደ ካርታ የተሣለ መንገድ ከነጂው ፊት የተዘረጋ መስሎ እንዲታይ እንዴት ተደረገ?

አንባቢ ሆይ፣ ከዐይንህ 1 ሜትር ርቆ በፊትህ የቆመ መስተዋት አለ እንበል። ዐይንህም ከመሬት 2 ሜትር ከፍ ያለ ይሁን። በመስተዋቱ ውስጥ አሻግረህ መሬቱን ስታይ፣ ከዐይንህ እስከ መስተዋቱ ያለው ትንሽ ሦስት ማዕዘን ከዐይንህ እስከ መሬቱ ካለው ትልቅ ሦስት ማዕዘን ጋራ ተመሳሳይ ነው። ስለዚህ አንድ የመሬት ነጥብ ከአንተ ምን ያህል እንደሚርቅ ለማወቅ፣ 2 ሜትርን ነጥቡ በመስተዋቱ ላይ ከአድማስ በታች በታየበት ልክ ማካፈል ብቻ ይበቃል።

ይኸውም፦
ከአድማስ በታች በ1 ሳንቲሜትር የሚታየው መሬት 200 ሜትር ይርቃል፤
በ2 ሳንቲሜትር የሚታየው 100 ሜትር፤
በ10 ሳንቲሜትር የሚታየው 20 ሜትር፤
በ40 ሳንቲሜትር የሚታየው 5 ሜትር፤
በ50 ሳንቲሜትር የሚታየው 4 ሜትር ይርቃል።

ከዚህ የምንማረው ትልቅ ነገር አለ። በአድማሱ አጠገብ አንዲቱ ሳንቲሜትር 100 ሜትር መሬት ትይዛለች፤ ከታች ግን 10 ሳንቲሜትር ሙሉ የሚይዘው 1 ሜትር ብቻ ነው። ስፋቱም እንደዚሁ ነው። የመስተዋቱ ስፋት 1 ሜትር ቢሆን፣ በ4 ሜትር ርቀት ላይ የሚያሳየው 4 ሜትር ስፋት ያለውን መሬት ነው፤ በ200 ሜትር ርቀት ላይ ግን 200 ሜትር ስፋት ያለውን ያሳያል።

መሣሪያውም የሚያደርገው ይኸንኑ ነው። ከአድማሱ በታች ላለው ለእያንዳንዱ የስክሪን መሥመር ከካርታው አንድ ረድፍ ይወስዳል። ለሩቁ መሥመር ረጅም ረድፍ ወስዶ ጨምቆ ያሳያል፤ ለቅርቡ መሥመር አጭር ረድፍ ወስዶ ዘርግቶ ያሳያል። ነጂው ወደ ቀኝ ወይም ወደ ግራ ሲዞር ደግሞ ረድፉ በሳይንና በኮሳይን ልክ ይዘማል። ለዚህ ሁሉ በየመሥመሩ የሚያስፈልጉት የማባዣ ቍጥሮች አራት ብቻ ናቸው። ሥራው በየሴኮንዱ እስከ 60 ጊዜ ስለሚደጋገም ዐይን መንገዱ የሚሮጥ ይመስለዋል።

እኔም ነገሩን በእጄ ለማረጋገጥ በባለ ካሬ ወረቀት ላይ 4 ሜትር ስፋት ያለው ቀጥ ያለ መንገድ ከላይ እንደሚታይ አድርጌ ሣልሁ፤ ከዚያም በሌላ ወረቀት ላይ መሥመር በመሥመር ገለበጥሁት። በ4 ሜትር ርቀት የመንገዱ ስፋት 1 ሜትር፣ በ8 ሜትር 50 ሳንቲሜትር፣ በ20 ሜትር 20 ሳንቲሜትር፣ በ200 ሜትር 2 ሳንቲሜትር ይሆናል። ወረቀቱ እንዲበቃኝ ሁሉንም በ10 አካፍዬ ስሥለው፣ ጐን ለጐን የሚሄዱት ሁለቱ የመንገድ ጠርዞች ወደ አድማሱ እየተጠጋጉ ሄዱ። ወረቀቱን ያሳየሁት ጓደኛዬ ብዙ ጊዜ ዝም ብሎ ሲያየው ቈየና፣ «ታዲያ ዳገቱስ?» አለኝ።

ጥያቄው ትክክለኛ ነበር። በዚህ ዘዴ ዳገትና ቍልቍለት አይሠራም፤ ካርታው ጠፍጣፋ ነውና። በመጀመሪያው ጨዋታ መኪናው ይዘላል እንጂ መንገዱ ራሱ ከፍና ዝቅ አይልም።

3ኛ/ ከጠፍጣፋው ወደ ጥልቁ

ዳገቱ የመጣው በ1998 ኒንቴንዶ 64 በተባለው መሣሪያ ላይ በወጣው ኤፍ-ዜሮ ኤክስ ነው። በዚህ ጨዋታ መንገዱ ይጠማዘዛል፣ ይገለበጣል፣ እንደ ቱቦም ይሆናል፤ 30 መኪኖችም በአንድነት ይሮጣሉ። ሠሪዎቹ በሴኮንድ 60 ምስል ለማሳየት ስለ ፈለጉ የመኪኖቹንና የአካባቢውን ጌጥ ቀነሱ።

ይህ ምርጫ ለምን አስፈለገ? በሰዓት 1000 ኪሎሜትር የሚሮጥ መኪና በ1 ሴኮንድ 278 ሜትር ያህል ይሄዳል። በሴኮንድ 30 ምስል ብቻ ቢታይ፣ ከአንዱ ምስል እስከ ሌላው መኪናው 9 ሜትር ያህል ይዘላል፤ በ60 ምስል ግን 4 ሜትር ተኩል ያህል ነው። ጥምዝ መንገድ በፊቱ ለተደቀነበት ነጂ ይህ ልዩነት ቀላል አይደለም። ስለዚህ ሠሪዎቹ ከውበት ይልቅ ጥራት ያለውን እንቅስቃሴ መረጡ።

በ2003 የወጣውን ኤፍ-ዜሮ ጂ ኤክስን የሠራው ደግሞ ቀድሞ የኒንቴንዶ ብርቱ ተፎካካሪ በነበረው በሴጋ ሥር ያለ ክፍል ነበር። ከ2004 በኋላ እስከ 2023 ድረስ ራሱን የቻለ አዲስ የኤፍ-ዜሮ ጨዋታ አልወጣም። በ2023 የወጣው ኤፍ-ዜሮ 99 በኢንተርኔት አማካይነት 99 ሰዎችን በአንድ ጊዜ ያወዳድራል።

4ኛ/ ስለ ኃይል አጠቃቀም

ከኤፍ-ዜሮ ኤክስ ደንቦች ውስጥ አንዱ በተለይ አሳስቦኛል። መኪናው ከግጭት የሚጠብቀው የኃይል መጠን አለው። ከሁለተኛው ዙር ጀምሮ ነጂው ፍጥነት ለመጨመር ቢፈልግ ዋጋው የሚከፈለው ከዚያው ኃይል ነው። ስለዚህ ፍጥነት የሚገዛው በሕይወት ነው ማለት ነው። ኃይሉን ጨርሶ ሳለ ከተጋጨ መኪናው ይጠፋል። የተቀነሰው የሚተካው በመንገዱ ላይ በተለዩ የመሙያ ቦታዎች ሲያልፍ ነው።

ጐበዝ ተጫዋች ኃይሉን ሁሉ ቈጥቦ አይጨርስም፤ ከመጨረሻው መሥመር በኋላ የተረፈ ኃይል ጥቅም የለውምና። ነገር ግን የሚቀጥለው መሙያ የት እንደ ሆነ ሳያውቅ አያባክንም። እኛ የ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ፈተና ሲደርስ ብዙዎቻችን ሌሊቱን በቡና እናነጋለን፤ ይህም ከሕይወት ኃይል ፍጥነት መግዛት ነው። ልዩነቱ፣ የጨዋታው ኃይል በስክሪኑ ላይ ተሥሎ ሲታይ የእኛ አለመታየቱ ነው። እንቅልፍም የእኛ መሙያ ቦታ ነው።

መደምደሚያ

ጨዋታ ጊዜ ይበላል የሚሉ ሰዎች ውሸት አልተናገሩም፤ ለሚጫወት ሁሉ ልክ ያስፈልገዋል። ነገር ግን በደካማ መሣሪያ ላይ አንድ ጠፍጣፋ ሥዕል ወስደው፣ በማካፈልና በማባዛት ብቻ መንገድ ያደረጉት ሠሪዎች ተመሳሳይ ሦስት ማዕዘን ከፈተና ወረቀት ውጭ የት እንደሚገኝ አሳይተውናል። ጓደኛዬ የትኛውን ትምህርት እንደሚመርጥ ገና አልወሰነም፤ ውሳኔውም የራሱ ነው። ባለ ካሬውን ደብተር ግን ተውሶኝ ወስዷል።

ለአንባቢ የቀረበ ጥያቄ፦ ዐይንህ ከመሬት 3 ሜትር ከፍ ቢል፣ መስተዋቱም እንደ ቀድሞው በ1 ሜትር ርቀት ላይ ቢቆም፣ ከአድማስ በታች በ15 ሳንቲሜትር የሚታየው መሬት ምን ያህል ይርቃል? በዚያስ ርቀት ላይ 5 ሜትር ስፋት ያለው መንገድ በመስተዋቱ ላይ ምን ያህል ሰፍቶ ይታያል? (መልስ፦ 20 ሜትር፤ 25 ሳንቲሜትር።)