አእምሮም እንደ በሬ ዕረፍት ይሻል

በሬ ሲያርስ ውሎ ማታ ቀንበሩ ይወርድለታል። ሣር ይግጣል፤ ውኃ ይጠጣል፤ ያርፋል። ሳያርፍ ያደረ በሬ በማግስቱ ትልም ላይ ይተኛል። የሰው አእምሮም እንደዚሁ ነው።

ዛሬ የእጅ ስልክ ገጠር ገብቷል። በሮብ ገበያና በጮቄ ተራራ ሥር ባሉ ቀበሌዎችም ይታያል። ስልክ ጠቃሚ መሣሪያ ነው። የገብስና የድንች ዋጋ ይጠየቅበታል፤ ገንዘብ ይላክበታል፤ ከሩቅ ዘመድ ጋር ይወራበታል። ጉዳት የሚመጣው መጠኑ ሲያልፍ ነው።

በ2001 ዓ.ም. በብሪታንያ፣ በባንጎር ዩኒቨርሲቲ የተሠራ አንድ ጥናት ወጣ። 16 ሰዎች አንድ ቀን ለ90 ደቂቃ በኮምፒዩተር ላይ አእምሮን የሚያደክም ሥራ ሠሩ። በሌላ ቀን ደግሞ ለ90 ደቂቃ ጸጥ ያለ ፊልም ብቻ አዩ። በሁለቱም ቀን ከዚያ በኋላ አቅማቸው እስኪያልቅ ድረስ በቆመ ብስክሌት ላይ ፔዳል መቱ። አእምሯቸው በደከመበት ቀን ሁለት ደቂቃ ያህል ቀድመው አቆሙ። ልባቸውና ሳንባቸው እንደ ሌላው ቀን ይሠራ ነበር። ሥራው ግን ከበዳቸው።

እስቲ ይህን ወደ እኛ ኑሮ እናምጣው። ሌሊቱን መልእክት ሲያነብና ጨዋታ ሲጫወት ያደረ ወጣት እንቅልፍም ዕረፍትም አላገኘም። ጠዋት ዕርፉን ሲይዝ ይከብደዋል። ሰው «ሰነፍ ነው» ይለዋል። ጉልበቱ አልጠፋም፤ የደከመው አእምሮው ነው። ከብት የሚጠብቅ ልጅም ዓይኑን ከስልኩ ካላነሣ ከብቱ የጎረቤት አዝመራ ውስጥ ይገባል። ከዚያ ጠብ ይነሣል።

ሕፃናትም አሉ። የዓለም ጤና ድርጅት በ2011 ዓ.ም. ባወጣው ምክር፣ ዓመት ያልሞላው ሕፃን ስልክም ቴሌቪዥንም ቁጭ ብሎ ማየት የለበትም። ከ2 እስከ 4 ዓመት ያለው በቀን ከ1 ሰዓት አይለፍ። ልጆች በቀን ብርሃን ደጅ ሲጫወቱ ዓይናቸውም ይጠቀማል። ሩቅ ማየት የመቸገር ዕድላቸው ይቀንሳል።

ስለዚህ፦

1. ከመተኛታችሁ በፊት ስልኩን ከመኝታ አርቁ።
2. ለረጅም ጊዜ ስታዩ በየ20 ደቂቃው ዓይናችሁን አንሥታችሁ ሩቅ ተመልከቱ።
3. በእርሻና በጥበቃ ጊዜ ስልኩ ኪስ ውስጥ ይቆይ።
4. አእምሮ ሲደክም ደጅ ወጥታችሁ ተራመዱ።

ጥያቄ

1. በጥናቱ ሰዎቹ ቀድመው ያቆሙት ለምንድን ነው?
2. በእናንተ ቤት ስልክ የሚበዛው በየትኛው ሰዓት ነው? ከቤተሰባችሁ ጋር ተወያዩበት።