የጉዞ ድርሰት፦ ከጮቄ አናት እስከ ዓባይ አፋፍ

ባለፉት ትምህርቶች ስለ ተራኪ ድርሰትና ስለ ሥዕላዊ ድርሰት ለየብቻ ተምራችኋል። ተራኪው አንድ ድርጊት እንዴት ተጀምሮ እንዴት እንደ ተፈጸመ በቅደም ተከተል ይነግረናል፤ ሥዕላዊው ደግሞ አንድን ቦታ ወይም ነገር በዐይነ ልቡናችን እንድናየው ያደርጋል። የጉዞ ድርሰት የሁለቱ ቅልቅል ነው። ተጓዡ ስለሚንቀሳቀስ ትረካ አለበት፤ የሚያልፍበት አገር ስለሚለዋወጥ ሥዕል አለበት። ብዙ ተማሪዎች ቀላል አድርገው ያዩታል፤ «የሄዱበትን መናገር ምን ይቸግራል?» ይላሉ። ብዙ ዓመት የተማሪዎችን ደብተር ሳርም የኖርሁ ሰው እንደ መሆኔ ግን፣ ከድርሰቶች ሁሉ ባዶ ሆነው ያገኘኋቸው በብዛት የጉዞ ድርሰቶችን ነው። ምክንያቱን ለማሳየት አንድ የጉዞ ቀን ልንገራችሁ።

ደብረ ማርቆስ ላይ ሳስተምር፣ ከብዙ ዓመታት በፊት በመስከረም ማብቂያ፣ እኔና አንድ የጂኦግራፊ መምህር የዘጠነኛ ክፍል ተማሪዎችን ይዘን ወጣን። ዕቅዱን ያወጣው እርሱ ነበር። ማለዳ በረቡዕ ገበያ በኩል ወደ ጮቄ እንወጣለን፤ ከዚያ ወደ ከተማው ተመልሰን በሉማሜ በኩል ደጀን እንደርሳለን፤ ከደጀን አፋፍ የዓባይን ሸለቆ አይተን ማታ እንገባለን። እኔ ሁለቱ ቦታዎች ምን እንደሚያገናኛቸው አልገባኝም ነበር፤ አንዱ ውርጭ፣ ሌላው በረሃ። «ውኃ ያገናኛቸዋል» አለኝ። ጨሞጋ፣ ሙጋ፣ ሱሃና ተምጫ ሁሉም ከጮቄ ይነሣሉ፤ የሁሉም መጨረሻ ዓባይ ነው።

ከረቡዕ ገበያ በላይ አንድ አረጋዊ ገበሬ መንገድ መሩን። በማግሥቱ ሰኞ ተማሪዎቹ ስለ ጉዞው እንዲጽፉ አዘዝሁ። ከቀረቡልኝ ድርሰቶች ሁለቱን አሁንም አስታውሳለሁ። የመጀመሪያው እንዲህ ይል ነበር፤

«የተራሮች ንግሥት በሆነችው በጮቄ ላይ ስንደርስ እጅግ ውብና ማራኪ የሆነ መልክዓ ምድር አየን። ልባችን በደስታ ተሞላ። ከጥርት ሐይቅ ዳር ቁጭ ብለን ውብ የሆነውን የተፈጥሮ ጸጋ አደነቅን።»

ከአሥር ዘጠኝ ሰጠሁት። የእጅ ጽሑፉ ያማረ ነበር፤ የፊደል ስሕተትም አልነበረበትም። ሁለተኛውን ግን በሙሉ ልታነቡት ይገባችኋል። እዚህ የቀረበው ጸሐፊው በፈቀደልኝ መሠረት ነው።

ምንባብ

«ከረቡዕ ገበያ ወዲያ ባሕር ዛፉ እየሳሳ ሄደ፤ ገብሱ ግን አብሮን ወጣ። አስታው ካለበት ስንደርስ መሪያችን ቆሙና ዘንጋቸውን በአንድ ማሳ ጠርዝ ሰኩት። ከስንዝር በታች ድንጋይ ነካ። ‹በልጅነቴ ጓሳው እስከዚህ ይወርድ ነበር፤ ቤታችንን የከደንነው ከዚሁ አጭደን ነው› አሉና ዘንጋቸውን ነቅለው ወደ ላይ ቀሰሩ። ጓሳው ከሩቅ፣ ከጅብራዎቹ ግርጌ ይታያል። ሁሉም ወደ ላይ ሲያዩ እኔ ወደ ታች አየሁ። ማሳው የአጎቴ ነው። የአያቴ መሬት ለአምስት ወንድማማች ሲከፈል ለእርሱ የደረሰው ሜዳው አይደለም፤ ይህ ቁልቁለት ነው። እንግዶ ዘርቶበታል።

«ከሰዓት በኋላ ከደጀን አፋፍ ጥቂት ወርደን ዓባይን ቁልቁል አየነው። ቀለሙ የጭቃ ነው። ተማሪዎቹ ‹ውኃው ለምን ደፈረሰ?› ብለው መምህሩን ጠየቁ። እኔ አልጠየቅሁም።»

ለዚህ አምስት ሰጠሁት፤ በኅዳጉም ላይ በቀይ ቀለም «ከርእስ ወጥተሃል፤ የታዘዝኸው ስለ ጉዞው እንጂ ስለ አጎትህ አይደለም» ብዬ ጻፍሁ። የጂኦግራፊ መምህሩ ሁለቱን ደብተሮች አንብቦ ሲያበቃ የጠየቀኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ሐይቁን አንተ አይተኸዋል?»

እኔም አላየሁትም። በሄድንበት መንገድ ሐይቅ አልነበረም። ተራራ በተጻፈበት ሁሉ ሐይቅ አንብቦ ስለ ነበር፣ ልጁ ጮቄ ላይም ሐይቅ አኖረ፤ እኔም በተራዬ ከተራራው ደርሼ የተመለስሁ ሰው ሆኜ ሳለሁ አላስተዋልሁትም። ነጥቡን አስተካከልሁ፤ ነገር ግን ዘግይቼ ነበር። ባለ አምስቱ ተማሪ እስከ ዓመቱ መጨረሻ ያቀረበልኝ ድርሰት ሁሉ «ውብና ማራኪ» ሆነ። መምህሩ የሚወደውን ዐውቋልና።

አሁን ወደ ጽሑፉ እንመለስና ምን እንደ ሠራ እንመርምር።

መጀመሪያ ስሞቹን ተመልከቱ። ባሕር ዛፍ፣ ገብስ፣ አስታ፣ ጓሳ፣ ጅብራ፣ እንግዶ። ልጁ ስለ ከፍታ አንድም ቃል ሳይናገር ከፍ እያልን መሄዳችንን በዕፀዋቱ መለዋወጥ ነገረን። ጮቄን የማያውቅ አንባቢ እንኳ ባሕር ዛፉ ቀርቶ አስታ ሲተካ ብርዱን ይገምታል። ጅብራን ያላያችሁ፣ በሰሜንና በባሌ ተራሮችም ይገኛል፤ ወፍራም ግንድ ላይ ረጃጅም ቅጠል የሚያከማች፣ ብዙ ዓመት ቆይቶ አንድ ጊዜ ብቻ አብቦ የሚደርቅ ተክል ነው። ከደብረ ማርቆስ አጠገብ፣ እንዶዳም የተወለዱት ሐዲስ ዓለማየሁም በ1958 ዓ.ም. የታተመውን «ፍቅር እስከ መቃብር» ሲጀምሩ ታሪኩን በስሟ በምትጠራ መንደር፣ በማንኩሳ ላይ ነው የተከሉት። ስም አንባቢን መሬት ያስረግጣል።

የመሬት አቀማመጥ ስሞችም እንዲሁ ናቸው። አማርኛ ተራራማ አገር ላይ ያደገ ቋንቋ ስለ ሆነ በዚህ ረገድ ባለጸጋ ነው፤ እኛ ግን ሁሉን «ተራራ»ና «ገደል» እንላለን። አፋፍ ማለት ሜዳው አልቆ ቁልቁለቱ የሚጀምርበት ጫፍ ነው፤ ደጀን ላይ የቆምነው በአፋፉ ነው። ሸለቆ በሁለት ከፍታዎች መካከል የተዘረጋው ዝቅተኛ ቦታ ሲሆን፣ ገደል ግን ተቆርጦ የቆመ ነው፤ እግር አይረግጠውም። አምባ ዙሪያው ገደል፣ አናቱ ሜዳ የሆነ ነው። ፈፋ ጎርፍ የሚወርድበት ትንሽ ሰርጥ ነው፤ ቦረቦር ደግሞ ጎርፍ አፈሩን ቆርሶ የሠራው፣ ትናንት ያልነበረ ነገ የሚሰፋ ጉድጓድ ነው። ዳገትና ቁልቁለት አንድ ቦታ መሆናቸውን ልብ በሉ፤ የሚለያቸው ተጓዡ ፊቱን ወዴት እንዳዞረ ብቻ ነው። ስለዚህ «ቁልቁለት» ብሎ የጻፈ ሰው ወዴት ይሄድ እንደ ነበር አብሮ ነግሮናል።

ሁለተኛው የቁጥር ነገር ነው። ቀድሞ መንቆረር ትባል የነበረችው ደብረ ማርቆስ ከባሕር ወለል በላይ 2,400 ሜትር ያህል ላይ ትገኛለች፤ የጮቄ አናት ከ4,000 ሜትር ይበልጣል። በየ1,000 ሜትሩ ሙቀቱ 6 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ስለሚቀንስ፣ ከከተማው እስከ አናቱ 10 ዲግሪ ያህል ልዩነት አለ ማለት ነው። ይህን ማወቅ ለጸሐፊው ይጠቅመዋል። በድርሰቱ ውስጥ ግን «በሸሚዝ የመጡት ሁለት ልጆች አንድ ጋቢ ተጋሩ» የሚል ዐረፍተ ነገር ከቁጥሩ የበለጠ ያበርዳል። ቁጥር የሚገባው ዐይን ሊለካው በማይችለው ቦታ ነው። ከደጀን ወደ ጎሐ ጽዮን የሚወስደው መንገድ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ከአፋፉ እስከ ወንዙ ያለው ጥልቀት ከ1,000 ሜትር ይበልጣል። ከላይ ሆኖ ለሚያየው ሰው ግን ማዶው ድንጋይ ወርውሮ የሚደረስበት ይመስላል። እዚህ ላይ ቁጥሩ ዐይንን ያርማል።

በዚያው አፋፍ ላይ የጂኦግራፊ መምህሩ የድንጋዩን ንብርብር እያሳየ ነበር። ከላይ ያለው ጥቁር ድንጋይ ከእሳተ ገሞራ የፈሰሰ ነው፤ ከእርሱ በታች የኖራ ድንጋይ፣ ዝቅ ብሎም የአሸዋ ድንጋይ ይታያል። የኖራ ድንጋዩ ይህ አገር በባሕር ተሸፍኖ ከነበረበት ዘመን የቀረ ነው። ሐይቅ ለፈለገው ልጅ ከሐይቅ የሚበልጥ ነገር፣ የደረቀ ባሕር፣ እፊቱ ቆሞለት ነበር።

እውነተኛ ሐይቅ ለመጻፍ የሚሻ ዘንገና ይሂድ። ዘንገና ከእንጅባራ አጠገብ፣ በእሳተ ገሞራ አፍ ላይ የተኛ ክብ ሐይቅ ነው። ከደብረ ማርቆስ በደምበጫና በቡሬ በኩል 150 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሚርቅ ከጮቄና ከዓባይ ጋር በአንድ ቀን አይታይም። የሌላ ቀን ጉዞ፣ የሌላ ድርሰትም ርእስ ነው። አንድ ድርሰት የሚችለውን ያህል ብቻ ይሸከም።

ሦስተኛውና ዋናው፣ ጽሑፉን ያያዘው ክር ነው። ማለዳ ከስንዝር በታች ድንጋይ የነካው ዘንግና ከሰዓት በኋላ የደፈረሰው ውኃ በሁለት የተለያዩ ወረዳዎች የታዩ ናቸው። ልጁ ግን አንዱ የሌላው ምክንያት መሆኑን ያውቃል፤ ሳይናገርም አሳወቀን። ጓሳው ሲታረስ ቁልቁለቱ ይራቆታል፤ ክረምት አፈሩን ወደ ፈፋው፣ ፈፋው ወደ ጨሞጋ፣ ጨሞጋ ወደ ዓባይ ያወርደዋል። ያ አፈር ለዘመናት ወደ ሱዳንና ወደ ግብፅ ሲጓዝ ኖሯል፤ የሱዳኑ የሮዜሬስ ግድብ በደለል ብዙ የውኃ መያዣ ቦታውን አጥቷል። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብም ከዚሁ ደለል አያመልጥም። ይህን ሁሉ ማንም ሊጽፍ ይችላል፤ «አርሶ አደሮች ጓሳውን አጠፉት» ብሎ መክሰስም ቀላል ነው። ከአምስት ወንድማማች ድርሻ ቁልቁለቱ የደረሰውን ሰው በስም የሚያውቅ ግን ያ ልጅ ብቻ ነበር። «ከርእስ ወጥተሃል» ያልሁት ርእሱ ላይ በቆመበት ቦታ ነበር።

ስለ ቦዝ አንቀጽ

ቦዝ አንቀጽ ድርጊትን ተናግሮ ዐረፍተ ነገሩን ሳይዘጋ ማሰሪያ አንቀጽ የሚጠብቅ ግስ ነው፤ ወርደን፣ ተሻግረን፣ ዐርፈን። የጉዞ ድርሰት ያለ እርሱ አይራመድም፤ ሲበዛ ግን እንዲህ ይሆናል፤

«ከከተማው ተነሥተን፣ ወንዙን ተሻግረን፣ ቁርሳችንን በልተን፣ ጮቄን አይተን፣ ተመልሰን ደጀን ደረስን።»

ሰዋስዉ አልተሳሳተም። ጥፋቱ ቁርሱና ጮቄ እኩል መሆናቸው ነው። አስፈላጊው ድርጊት የራሱ ማሰሪያ አንቀጽ ይገባዋል፤ «እኔ አልጠየቅሁም» የሚለው ሁለት ቃል ብቻውን የቆመው ለዚህ ነው። ደግሞም ቦዝን ከ«ስ» ለዩ። «ቁልቁለቱን ወርደን ዝናብ ያዘን» ካላችሁ ዝናቡ የመጣው ከወረዳችሁ በኋላ ነው፤ «ቁልቁለቱን ስንወርድ ዝናብ ያዘን» ካላችሁ ግን ገና በመንገድ ሳላችሁ ደርሶባችኋል። የደረቀና የራሰ ልብስ ያህል ይለያያሉ።

መልመጃ

1. በምንባቡ ውስጥ ያሉትን ቦዝ አንቀጾች አውጥታችሁ እያንዳንዱ የትኛውን ማሰሪያ አንቀጽ እንደሚጠብቅ ጻፉ።

2. ከቤታችሁ እስከ ትምህርት ቤታችሁ ያለውን መንገድ በአንድ አንቀጽ ግለጹ። «ውብ»፣ «ማራኪ»፣ «አስደሳች» የሚሉትን ቃላት አትጠቀሙ። ቢያንስ ሦስት የመሬት አቀማመጥ ስሞችና ሁለት የዕፀዋት ስሞች ይኑሩበት።

3. በአካባቢያችሁ የሚኖሩ አንድ አረጋዊ ሰው፣ በልጅነታቸው የነበረና ዛሬ የሌለ ነገር የት ድረስ ይደርስ እንደ ነበር ቦታው ላይ ሆነው እንዲያሳዩአችሁ ጠይቁ። የነገሯችሁን በራሳቸው አነጋገር፣ ያያችሁትን በራሳችሁ አነጋገር ለይታችሁ ጻፉ።

4. የምንባቡን ጸሐፊ መምህር እናንተ ብትሆኑ ከአሥር ስንት ትሰጡታላችሁ? በኅዳጉስ ላይ ምን ትጽፉለታላችሁ? ከሁለት ዐረፍተ ነገር አይብለጥ።