ትምህርት ዘጠኝ፦ ሕፃናት ለትምህርት የሚደርሱበት ጊዜ

ሀ. ምንባብ

አንድ ሕፃን ለትምህርት ደርሷል የሚባለው መቼ ነው? ጥያቄው ቀላል ይመስላል፤ መልሱ ግን በሕፃኑ የወደፊት ኑሮ ላይ የሚያስከትለው ውጤት ቀላል አይደለም።

ቀደም ባለው ጊዜ በአገራችን አብዛኛው ሕፃን የልደት የምስክር ወረቀት አልነበረውም። ወላጆችም የልጃቸውን ዕድሜ የሚያስታውሱት በበዓል፣ በድርቅ ወይም በመኸር ነበር። ስለዚህ መምህራን አንድ ዘዴ ይጠቀሙ ነበር። ሕፃኑ ቀኝ እጁን በዐናቱ ላይ አሳልፎ ግራ ጆሮውን እንዲነካ ይታዘዛል፤ ከነካ ይመዘገባል፤ ካልነካ «ለከርሞ ና» ተብሎ ይመለሳል።

ዘዴው ጨርሶ መሠረተ ቢስ አልነበረም። ሕፃን ሲወለድ ራሱ ከሌላው አካሉ ጋር ሲነጻጸር ትልቅ፣ ክንዱ ግን አጭር ነው። ክንዱ ረዝሞ ጆሮው ዘንድ የሚደርሰው በስድስትና በሰባት ዓመት ገደማ ነው። ይሁን እንጂ ጉድለት ነበረበት። በምግብ እጥረት የቀጨጨ ሕፃን ሰባት ዓመት ሞልቶት ሳለ ሊመለስ፣ በሚገባ የተመገበ የአምስት ዓመት ሕፃን ግን ሊመዘገብ ይችል ነበር። በዚህ ዘዴ የሚለካው የክንድ ርዝመት እንጂ የአእምሮ ዝግጁነት አልነበረምና፣ ይበልጥ የሚጎዳው የድኻ ልጅ ነበር።

የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ በአገር አቀፍ ደረጃ ተጀመረ። ዛሬ ሕፃን ወደ መዋዕለ ሕፃናት ሲገባ ብዙውን ጊዜ የልደት የምስክር ወረቀት፣ የክትባት ካርድና ጉርድ ፎቶግራፍ ይጠየቃል። የክትባት ካርድ የሚጠየቀው ለወግ ያህል አይደለም፤ ሕፃናት በአንድ ክፍል ሲውሉ እንደ ኩፍኝ ያለ በሽታ በፍጥነት ስለሚተላለፍ ነው። ከወረቀቱ ሌላ ሕፃኑ ስሙን መናገር፣ የሚፈልገውን መግለጽ፣ እጁን መታጠብና ከወላጁ ተለይቶ መዋል ቢለምድ ይረዳዋል።

ሕፃናትን ከመደበኛው ትምህርት በፊት ማስተማር ለአገራችን አዲስ አይደለም። የቄስ ትምህርት ቤትና የቁርኣን ትምህርት ቤት ለብዙ ዘመናት ሕፃናትን ፊደል አስቆጥረዋል። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ የመዋዕለ ሕፃናትን ትምህርት በመደበኛው ሥርዓት ውስጥ አካተተው። በ2002 ዓ.ም. የወጣው ማዕቀፍም ለድኻው ቤተሰብ የሚደርሱ መንገዶችን አሳየ። ከእነዚህ አንዱ በአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ግቢ የሚሰጠው የ«ኦ» ክፍል ነው። ሌላው «ልጅ ለልጅ» የተባለው ሲሆን፣ ከፍ ያሉ ተማሪዎች የሠፈራቸውን ሕፃናት እያጫወቱ የሚያስተምሩበት ነው። የ2015 ዓ.ም. ፖሊሲ ደግሞ የቅድመ አንደኛ ትምህርት ሁለት ዓመት እንዲሆን ወሰነ።

አንዳንድ ወላጆች «ልጄ ሲጫወት ይውላል፤ ደብተሩ ባዶ ነው» ብለው ያማርራሉ። ነገር ግን ጠጠር የሚቆጥር ሕፃን ሒሳብ እየተማረ ነው፤ ጭቃ የሚያድቦለቡል ሕፃን እርሳስ የሚይዙ ጣቶቹን እያጠነከረ ነው፤ ተረት ሰምቶ የሚደግም ሕፃንም ለንባብ እየተዘጋጀ ነው። ጀርመናዊው ፍሪድሪክ ፍሮቤል በ1840 እ.ኤ.አ. የሕፃናቱን ትምህርት ቤት «የሕፃናት የአትክልት ስፍራ» ብሎ የሰየመውም ሕፃንን በተክል መስሎ ነው። እኛም «አጸደ ሕፃናት» እንላለን። ተክል ውኃና ፀሐይ ይሻል እንጂ ቶሎ እንዲያድግ ተብሎ አይጎተትም። ዕድሜን ጨምሮ ሕፃንን አንደኛ ክፍል ማስገባት ተክልን እንደ መጎተት ነው። ከትልልቆቹ ጋር እኩል መራመድ ሲያቅተው «አልችልም» ማለትን ይማራል። ደርሶ ሳለ ቤት የሚውለው ደግሞ ውኃ እንደ ተነፈገው ተክል ነው።

እናንተ ተማሪዎችም በቤታችሁ ታናናሾች ይኖሯችኋል። ማታ ተረት ብትነግሯቸው፣ ባቄላ ብታስቆጥሯቸው፣ ለጥያቄያቸው በትዕግሥት ብትመልሱላቸው አንደኛ ክፍል ሲገቡ አይደናገጡም። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳልና።

ለ. የቃላት ፍች

ዐናት — የራስ የላይኛው ክፍል
ከርሞ — የሚመጣው ዓመት
የቀጨጨ — ዕድገቱ የተገታ
አጸድ — የታጠረ የአትክልት ቦታ

ሐ. ጥያቄዎች

1. መምህራን ዕድሜን በእጅና በጆሮ ይለኩ የነበረው ለምንድን ነው? የዘዴው ጉድለትስ ምን ነበር?
2. የክትባት ካርድ የሚጠየቅበትን ምክንያት ግለጹ።
3. «ተክል አይጎተትም» የሚለው አነጋገር በምንባቡ ውስጥ ምን ያመለክታል?
4. «ሕፃን በጨዋታ ይማራል» በሚል ርእስ አንድ አንቀጽ ጻፉ።