ጥድፊያና ነጻነት በሦስት መጻሕፍት

«የቸኮለ አፍሶ ለቀመ» የሚለውን ምሳሌያዊ አነጋገር የማያውቅ ተማሪ አይኖርም። አባባሉ የሚነቅፈው ሥራን የሚያበላሸውን ችኮላ ነው፤ ቸኳዩ እህሉን ባያፈስ ኖሮ የሚወቀስበት ምክንያት ባልተገኘ ነበር። በዚህ ምንባብ የምንመለከታቸው ሦስት መጻሕፍት ግን ከዚህ አልፎ የሚሄድ ጥያቄ ያነሣሉ። ምንም ሳያፈስና ሳይሰብር ከሁሉ ቀድሞ የደረሰው ሰውስ የከፈለው ዋጋ የለምን? (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።)

የመጀመሪያው መጽሐፍ አሜሪካዊው ሄንሪ ዴቪድ ቶሮ በ1854 ያሳተመው «ዋልደን» ነው። ዋልደን በማሳቹሴትስ ግዛት፣ በኮንኮርድ ከተማ አጠገብ የሚገኝ አነስተኛ ሐይቅ ነው። ቶሮ በ1845 ወደዚያ ሄዶ በገዛ እጁ ጎጆ ሠራ፤ ለጎጆው ያወጣውንም ወጪ እስከ ሳንቲም ቆጥሮ 28 ዶላር ከ12 ሳንቲም ተኩል መሆኑን መዝግቧል። በዚያም ከሁለት ዓመት በላይ ኖረ። ወቅቱ የባቡር ሐዲድ በአሜሪካ በብዛት የሚዘረጋበት ነበርና አንዱ መስመር በሐይቁ ዳር ያልፍ ነበር።

ገንዘብ ቆጥቦ በባቡር እስከ ፊችበርግ ከተማ እንዲሄድና አገር እንዲያይ ለመከረው ሰው ቶሮ የሰጠው መልስ የመጽሐፉ ፍሬ ነገር ነው ለማለት ይቻላል። ርቀቱ 30 ማይል፣ ማለት 48 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። የመሳፈሪያው ዋጋ 90 ሳንቲም ነው። በዚያው መስመር ሥራ ላይ የነበሩት የቀን ሠራተኞች በቀን 60 ሳንቲም ይከፈላቸው እንደነበር ቶሮ ያስታውሳል። እንግዲህ እንዲህ ያለው ሠራተኛ ለአንድ ጉዞ አንድ ቀን ተኩል መሥራት ይኖርበታል። እግረኛው ግን አሁኑኑ ተነሥቶ ሳይመሽ ይደርሳል። እዚህ ላይ ልናስተውል የሚገባን፣ ቶሮ ባቡሩን ዘገምተኛ ነው አለማለቱን ነው። በእርሱ አስተያየት የጉዞው ሰዓት መቆጠር ያለበት ባቡሩ ከጣቢያው ሲነሣ ሳይሆን መንገደኛው ለመሳፈሪያው መሥራት ከጀመረበት ጊዜ አንሥቶ ነው። የማንኛውም ነገር ዋጋ ለዚያ ነገር ሲባል የሚሰጠው የዕድሜ መጠን ነውና። በዚህ ዓይነት አኗኗር በዓመት ስድስት ሳምንት ያህል ብቻ ሠርቶ የዓመት ወጪውን ለመሸፈን እንደቻለ ጽፏል፤ የቀረው ጊዜ የራሱ ነበር። ነጻነት ሲል ይህን ማለቱ ነው።

እርግጥ ቶሮ ሚስትና ልጅ አልነበሩትም፤ ጎጆውን የሠራበትም መሬት የወዳጁ የራልፍ ዋልዶ ኤመርሰን ነበር። ልጆች የምታሳድግና ውሃ ከሩቅ የምትቀዳ እናት «በዓመት ስድስት ሳምንት ብቻ ሥሪ» ብትባል መሳቋ አይቀርም። መጽሐፉን ስናነብ ይህን መዘንጋት የለብንም። ሆኖም ስሌቱ በዚህ ምክንያት አይፈርስም።

ይህንኑ የመሰለ ስሌት ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ የሠራው ኢቫን ኢሊች ነው። ኢሊች በ1926 በቪየና ተወልዶ ብዙ ዘመኑን በሜክሲኮ ያሳለፈ ጸሐፊ ሲሆን፣ በ1974 በወጣችው «ኃይልና ርትዕ» በምትባል አነስተኛ መጽሐፉ ስለ መኪና ጽፏል። በዚያ ዘመን የነበረው አሜሪካዊ ባለ መኪና በዓመት ከ1,600 ሰዓት በላይ ለመኪናው ይሰጥ ነበር ይላል። በዚህ ውስጥ የሚነዳበት ጊዜ ብቻ ሳይሆን ለመኪናው መግዣ፣ ለቤንዚን፣ ለኢንሹራንስና ለቀረጥ የሚሆነውን ገንዘብ ለማግኘት የሚሠራበት ሰዓት ጭምር ይገባል። በዚህ ሁሉ ሰዓት የሚጓዘው 12,000 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ቢካፈል በሰዓት ሰባት ኪሎ ሜትር ተኩል ይሆናል፤ ይህም ፈጠን ብሎ ከሚራመድ እግረኛ እምብዛም አይርቅም።

ኢሊች ከዚህ የከበደ ሌላ ነገርም ተናግሯል። ፍጥነት ከተወሰነ ልክ ካለፈ፣ አንዱ ጊዜ የሚያተርፈው የሌላውን ጊዜ በመውሰድ ነው። ይህን ለመረዳት አሜሪካ ድረስ መሄድ አያሻም። ሰፊ የመኪና መንገድ አንድን መንደር ለሁለት ሲከፍለው፣ ባለ መኪናው ያተረፋትን ደቂቃ የሚከፍለው ማዶ ወዳለው ትምህርት ቤት ዞሮ የሚሄደው ልጅ ነው። ይሁን እንጂ ኢሊች ፍጥነትን ሁሉ የሚጠላ ሰው አልነበረም። ብስክሌትን እጅግ ያደንቅ ነበር፤ ባለ ብስክሌት ከእግረኛ ሦስትና አራት እጥፍ ይፈጥናል፤ የማንንም መንገድ ግን አይዘጋም።

ሦስተኛው መጽሐፍ ጀርመናዊው ሚካኤል ኤንደ በ1973 ለወጣቶች ያሳተመው «ሞሞ» የተባለ ልብ ወለድ ነው። ሞሞ በፈረሰ ጥንታዊ የቲያትር ሥፍራ የምትኖር፣ ሰውን በማዳመጥ ችሎታዋ የታወቀች ልጅ ናት። እርሷ ወዳለችበት ከተማ ግራጫ ልብስ የለበሱ፣ ሲጋራ ከአፋቸው የማይለይ እንግዶች ይመጡና ከጊዜ ቁጠባ ባንክ የተላክን ነን ይላሉ። ከእነርሱ አንዱ ፉሲ ወደሚባል ጸጉር አስተካካይ ሱቅ ይገባል። ፉሲ በዚያች ሰዓት «ሕይወቴ በከንቱ አለፈ» እያለ ይተክዝ ነበር። እንግዳው ሰባ ዓመት ስንት ሴኮንድ እንደሆነ መስታወቱ ላይ ጽፎ ያሳየዋል፤ 2,207,520,000። (ብታሰሉት ትክክል ሆኖ ታገኙታላችሁ፤ በየአራት ዓመቱ የሚጨመረውን ቀን ግን አልቆጠረውም።) ከዚያም ፉሲ የኖረባቸውን 42 ዓመታት መርምሮ ጊዜውን በምን በምን እንዳጠፋ ይዘረዝራል። ጆሮዋ ከደከመ እናቱ ጋር በየቀኑ ሲጫወት አንድ ሰዓት፤ አካለ ስንኩል የሆነች ወዳጁን አበባ ይዞ ሲጠይቅ ግማሽ ሰዓት፤ ትንሿን በቀቀኑን ሲንከባከብ ይህን ያህል፤ በመስኮት ሲመለከት ይህን ያህል። ሒሳቡ ሲዘጋ ቀሪው ዜሮ ይሆናል።

ፉሲ ደንግጦ መቆጠብ ጀመረ። ደንበኞቹን ሳያነጋግር በጥድፊያ ያስተናግድ ጀመር፤ በቀቀኑን ሸጠ፤ እናቱን ርካሽ ወደሆነ የአረጋውያን መጦሪያ አስገባ፤ ለወዳጁም ጊዜ እንደሌለው በአጭር ደብዳቤ አስታወቃት። የቆጠባት ጊዜ ግን ከእጁ አልገባችም፤ ግራጫዎቹ ሰዎች ወስደዋታል። ደራሲው ከሁሉ ይልቅ የተራቀቀው በአንዲት አነስተኛ ነጥብ ላይ ይመስለናል። እንግዳው ከሱቁ እንደወጣ ፉሲ መምጣቱን ጨርሶ ረሳው፤ ጊዜ የመቆጠቡ ውሳኔ ግን በልቡ ቀረ፤ ውሳኔው ከራሱ የመነጨ መሰለው።

ጥያቄዎች

ሀ. «ችኮላ»፣ «ጥድፊያ» እና «ፍጥነት» በትርጉም አንድ ናቸውን? እያንዳንዱን በዓረፍተ ነገር አስገብታችሁ ልዩነታቸውን አሳዩ።

ለ. ከመኖሪያችሁ እስከ አንድ የምታውቁት ከተማ ያለውን ጉዞ በቶሮ ዘዴ አስሉ። አንድ የቀን ሠራተኛ ለመሳፈሪያው ስንት ሰዓት መሥራት ያስፈልገዋል?

ሐ. በምጥ የተያዘች ሴት ወደ ሐኪም ቤት ስትወሰድ ፍጥነት ነጻነት ነው ወይስ አይደለም? ኢሊች ምን ይመልስ ይመስላችኋል?

መ. ፉሲን ማንም አላስገደደውም። ነጻነቱን አጥቷል ማለት ይቻላልን? ሐሳባችሁን በአንድ አንቀጽ ጻፉ።